ገዳዩ ከታወቀ በኋላ

የግድያ ምሥጢርን የሚተርክ ፊልም ሁሉ በአንድ ጥያቄ ላይ ይቆማል፤ ሟቹን የገደለው ማን ነው? ተመልካቹ አስከሬኑን ካየበት ቅጽበት ጀምሮ ይህን ጥያቄ ተሸክሞ ይቀመጣል፣ የገዳዩ ስም ሲጠራም ሸክሙን አራግፎ ከአዳራሹ ይወጣል። የዚህ ጽሑፍ ምርመራ በዚያ ቅጽበት በሚራገፈው ነገር ላይ ነው። የገዳዩ ማንነት መታወቁ ራሱ ፍትሕ ነውን? ወይስ ፍትሕ የሚገባበት ደጃፍ ብቻ ነው? ጥያቄው ሲታይ የፊልም ሃያስያን ጉዳይ ቢመስልም፣ በሮቤና በጎባ ዙሪያ፣ በባሌ ደጋ፣ ሰው ሰውን በገደለ ቁጥር ሽማግሌዎች ከትውልድ ትውልድ ሲመልሱት የኖሩት ጥያቄ ነው፤ መልሳቸውም ከፊልሙ መልስ እጅግ ይርቃል።

ለማነጻጸሪያ አንድ ፊልም ቀረብ ብሎ ማየት ያስፈልጋል። «ፊልም ኑዋር» የሚለው ስያሜ በፈረንሳይኛ «ጥቁር ፊልም» ማለት ሲሆን፣ የተለመደውም ኒኖ ፍራንክ የተባለ ሃያሲ ከሁለተኛው የዓለም ጦርነት በኋላ ፓሪስ የደረሱትን የአሜሪካ የወንጀል ፊልሞች እ.ኤ.አ. በ1946 በዚህ ስም ከጠራቸው ወዲህ ነው፤ ጥላ የበዛበትን ምስል፣ ሌሊትን፣ ሰው ከሰው የማይተማመንበትን ከተማና ከሕግ አስከባሪውም ከሕግ ጣሹም ጋር የሚውል መርማሪን ያመለክታል። ስያሜው ከመፈጠሩ በፊት ግን ለዘውጉ መንገድ የጠረጉ ሥራዎች ነበሩ፤ ከእነዚህም መካከል ጭንቀትንና ሳቅን አብሮ በማስኬድ «ቀጭኑ ሰው» የተባለውን የሚስተካከል ማግኘት ያስቸግራል። ፊልሙን እ.ኤ.አ. በ1934 ያዘጋጀው ደብሊው ኤስ ቫን ዳይክ ሲሆን፣ የተቀዳውም በዚያው ዓመት ከታተመው የዳሺዬል ሃሜት ልብ ወለድ ነው፤ ሃሜት ብዕር ከማንሣቱ በፊት በፒንከርተን የምርመራ ድርጅት ተቀጥሮ የሠራ ሰው ስለነበረ የሚጽፈውን ነገር ከውስጡ ያውቀዋል።

በፊልሙ ውስጥ ክላይድ ዋይናንት የተባለ የፈጠራ ሰው ይሰወራል፤ ወዳጁ የነበረች ሴት ተገድላ ትገኛለች፤ ፖሊስም የተሰወረውን ሰው ይጠረጥራል። የምርመራ ሥራውን ትቶ ከባለጸጋ ሚስቱ ከኖራ ጋር የገናን በዓል ኒው ዮርክ ውስጥ የሚያሳልፈው ኒክ ቻርልስ በዋይናንት ልጅ በዶሮቲ ልመና ሳይወድ ወደ ነገሩ ይገባል። ውሎ አድሮ በዋይናንት የሥራ ቤት ወለል ሥር አፅም ይገኛል። አብሮት የተቀበረው ልብስ የወፍራም ሰው ስለሆነ ፖሊስ ሟቹን ሌላ ሰው አድርጎ ይወስደዋል፤ ኒክ ግን በእግሩ አጥንት ውስጥ የቀረውን የጦርነት ፍንጣሪ አይቶ አፅሙ የቀጭኑ ሰው፣ የዋይናንት ራሱ፣ መሆኑን ይረዳል። ገዳይ ተብሎ ሲታደን የሰነበተው ሰው ለካ ከሁሉ ቀድሞ የተገደለው ነበር።

ከዚህ ቀጥሎ የሚመጣው የእራት ትዕይንት ነው። ኒክ ተጠርጣሪዎችን ሁሉ ለእራት ይጠራል፤ ጠረጴዛው ተዘርግቶ፣ ሳህኑ እየዞረ፣ ጨዋታው እየደራ፣ አስተናጋጅ መስለው ምግብ የሚያቀርቡት ፖሊሶች ናቸው፤ ከተቀመጡት መካከል ማንም ተነሥቶ መውጣት አይችልም። ኒክ እያንዳንዱን በነገር እየነካካ የግድያውን ታሪክ ይገጣጥማል፤ ሚስቱ ጠጋ ብላ የሚናገረው እውነት እንደሆነ ስትጠይቀው እርግጠኛ አለመሆኑን ይነግራታል። በመጨረሻም የዋይናንት ጠበቃ፣ የደንበኛውን ገንዘብ ሲሰርቅ የኖረው ማኮሌይ፣ መሸሸጊያ ሲያጣ ራሱን ያጋልጣል። በዚህ ማዕድ የተቀመጡት ሰዎች አብረው የቆረሱት አንዱን ለይቶ ለማውጣት ነበር።

የኢትዮጵያን የቀድሞ የፍርድ ወግ የሚያውቅ አንባቢ ይህን ጠረጴዛ ሲያይ አውጫጭኝ ትዝ ሊለው ይገባል። አውጫጭኝ ወይም አፈርሳታ የሚባለው ሥርዓት ወንጀሉ ታውቆ ወንጀለኛው ያልታወቀ እንደሆነ የአካባቢው ሰው ሁሉ በአንድ ሜዳ የሚሰበሰብበትና ስም እስኪወጣ ድረስ ማንም ወደ ቤቱ የማይመለስበት የምርመራ ዘዴ ነበር፤ የቀረ ይቀጣል፣ እርሻ ይታጎላል፣ ከብት ያለ ጠባቂ ይውላል፣ ስብሰባው ለቀናት ሊዘልቅም ይችላል። የሚያውቅ ሰው በግልጽ ተናግሮ ደመኛ እንዳይገዛ ምስጢሩን የሚያደርስለት ሰው ይመረጥ ነበር፤ ይህ መልእክተኛ «ወፍ» ይባላል፤ ወፍ ነገረኝ ከተባለ በኋላም ወፉ ከማን አፍ እንደሰማ አይጠየቅም። ለሌብነት ደግሞ ሌባ ሻይ ነበር፤ የዕፅ መጠጥ ጠጥቶ ራሱን የሳተ ልጅ እየተመራ የገባበት ቤት የሌባ ቤት ይባል የነበረበት፣ ስንቱን ንጹሕ ሰው ያለ ጥፋቱ ያዋረደ ዘዴ ነው፤ መቅረቱም መልካም ሆነ። አውጫጭኝ ከዚህ የሚሻለው ዕውቀትን ከሰው ልብ እንጂ ከዕፅ ስካር ባለመፈለጉ ነው። ሆኖም የኒው ዮርኩ እራትና የአውጫጭኙ ሜዳ በአንድ ነገር ይገናኛሉ፤ ሁለቱም እውነቱ ከተሰበሰቡት ሰዎች በአንዱ ሆድ ውስጥ እንዳለ ያምናሉ፣ በሩን ይዘጋሉ፣ ስሙ ሲወጣም ይበተናሉ።

በባሌ ደጋ ግን ስሙ ከወጣ በኋላ የሚጀመር ሌላ ስብሰባ አለ። የአካባቢው ነባር ሕዝብ በአብዛኛው የአርሲ ኦሮሞ ነው፤ ብዙኃኑ ሙስሊም ሲሆን፣ በተለይ በሮቤና በጎባ ከተሞች ኦርቶዶክስ ክርስቲያኑም ለትውልዶች አብሮ ኖሯል። በዚህ ማኅበረሰብ ዘንድ ነፍስ ሲጠፋ የሚሠራበት ወግ ጉማ ይባላል፤ ቃሉ ለፈሰሰው ደም የሚከፈለውን ካሣም፣ ካሣው ተከፍሎ እርቅ እስኪወርድ የሚኬድበትን ሥርዓት በሙሉም ይጠራል። ቃሉ ለኢትዮጵያ ፊልም ወዳጅ እንግዳ አይደለም። ሚሼል ፓፓታኪስ በ1960ዎቹ አጋማሽ ያዘጋጀው ቀደምት የአማርኛ ፊልም ርእሱ «ጉማ» ነው፤ በኋላ የተጀመረው የፊልም ሽልማትም ስሙን ከዚሁ ወስዷል። ከርሱ በፊት በ1957 ዓ.ም. የታየው የመጀመሪያው የአገሪቱ ረጅም የተውኔት ፊልም ደግሞ «ሂሩት አባቷ ማን ነው» ይባላል። የአገሪቱ ፊልም በ«ማን ነው» ጥያቄ ጀምሮ ብዙ ሳይቆይ ወደ ደም ካሣ ጥያቄ መሻገሩ በዚህ ጽሑፍ ዓይን ትልቅ ነገር ነው፤ ሁለተኛው ጥያቄ ከመጀመሪያው ይከብዳልና።

የጉማ ዝርዝር እንደ ጎሳውና እንደ አካባቢው ቢለያይም አካሄዱ የታወቀ ነው። ገዳዩ ብዙ ጊዜ የሚሰወረው ማንነቱን ለመደበቅ ሳይሆን ለደም መላሽ እንዳይጋለጥ ነው፤ ከሟች ወገን ካልሆነ ጎሳ ሽማግሌ ዘንድ ተጠግቶ ያደረገውን ይናዘዛል። ከዚያች ቀን ጀምሮ የገዳይ ዘመዶች ከሟች ዘመዶች ጋር በአንድ ገበያ አይውሉም፣ በአንድ ውኃ አይገናኙም፣ በመንገድ ሲተያዩ አንዱ ወገን ይሸሻል፤ አብሮ መብላት የማይታሰብ ነው። ሽማግሌዎቹ ለምለም ሣር ይዘው ወደ ሟች ቤት ይሄዳሉ፤ ተገፍተው ይመለሳሉ፣ ደግመው ይሄዳሉ። ሴቶችም ሲንቄያቸውን ይዘው የሚወጡበት ጊዜ አለ፤ ሲንቄ እናት ለልጇ በሠርጓ የምትሰጣት ቀጭን በትር ስትሆን፣ ያገቡ ሴቶች እርሷን ይዘው በሁለት ተፋላሚዎች መካከል ከቆሙ ያንን አልፎ ጦር መምዘዝ ነውር ነው። ልቡ የተሰበረው ቤተሰብ በመጨረሻ እሺ ያለ እንደሆነ ካሣው ይቆረጣል፤ በአርሲ ኦሮሞ ዘንድ የሰው ነፍስ ሙሉ ካሣ በ100 ከብት ሲነገር የኖረ ቢሆንም፣ በልመናና በምሕረት እየተቀነሰ የሚከፈለው ከዚያ ያነሰ ይሆናል፤ የሚያዋጣውም የገዳዩ ጎሳ በጠቅላላ ነው። ከብት ይታረዳል፣ በቀል እንደማይኖር መሐላ ይፈጸማል፣ ከዚያ በኋላም ሁለቱ ወገኖች ከአንድ ማዕድ ይበላሉ።

የኒክ ቻርልስ ጠረጴዛ ከዚህ ማዕድ አጠገብ መቀመጥ ያለበት እዚህ ላይ ነው። በመጀመሪያው ሰዎች አብረው ተቀምጠው እንግዶች ሆነው ይነሣሉ፤ በሁለተኛው ደመኞች ሆነው መጥተው አብረው ይቆርሳሉ። ልዩነቱ ግድያ የሚያፈርሰው ነገር ምንድን ነው ከሚለው ጥያቄ ይመነጫል። ለምርመራ ፊልም ግድያ የሚያፈርሰው ዕውቀትን ነው፤ ዓለም በአንድ ውሸት ተሸፍኗል፣ ውሸቱ ሲገፈፍ ዓለም ወደ ነበረበት ይመለሳል። ለጉማ ግን ግድያ የሚያፈርሰው ሰፉን ነው፤ ሰፉ በኦሮሞ አስተሳሰብ በፈጣሪ፣ በሰውና በፍጥረት መካከል ያለውን፣ ሊጣስ የማይገባውን ሥርዓትና ክብር የሚገልጽ ጽንሰ ሐሳብ ነው። የገዳዩ ስም መታወቁ ይህን ሥርዓት አይጠግነውም። በአማራው ወግ «ደም ማድረቅ» የሚባለው እርቅም ተመሳሳይ ነገር ያስባል፤ ደሙ እርጥብ ሆኖ የሚቆየው ገዳዩ ስላልታወቀ አይደለም፣ ታውቆም እርጥብ ነው።

የሃይማኖት መጻሕፍትም ከዚህ ጋር የሚስማማ ነገር አላቸው። በኦሪት ዘፍጥረት የመጀመሪያው ግድያ መርማሪ አላስፈለገውም፤ እግዚአብሔር ቃየልን ወንድሙ የት እንዳለ የጠየቀው ሳያውቅ ቀርቶ አልነበረም፤ ጥያቄው ለገዳዩ የተከፈተ የንስሐ በር ነበር፣ ቃየል ግን በሌላ ጥያቄ ዘጋው። የጉማ ሽማግሌም የሚጠይቀው እንዲህ ነው፤ አብዛኛውን ጊዜ መልሱን ያውቀዋል፣ የሚፈልገው ከገዳዩ አፍ መስማት ነው፤ ካልተናዘዘ ሰው ጋር እርቅ የለምና።

ይህን ሁሉ መናገር ጉማ ነቀፋ የለበትም ማለት አይደለም። አጎቱ በጠብ ሰው ስለገደለ የሚጠብቃት አንዲት ጊደር ለካሣ የምትነዳበት ልጅ ባላደረገው ነገር ይቀጣል፤ የሴት ነፍስ ካሣ በብዙ ቦታ ከወንድ ያነሰ ሆኖ መኖሩ በምንም ሃይማኖታዊ ክርክር ሊደገፍ አይገባውም፤ ሲንቄ የያዘችው ሴት ጠቡን ማስቆም እየቻለች ካሣው ሲቆረጥ ከዳኞቹ መካከል አለመቀመጧም እንዲሁ። መንግሥትም ነፍስ ግድያ የቤተሰቦች ጉዳይ ብቻ ነው ሊል አይችልም። በ1996 ዓ.ም. የወጣው የወንጀል ሕግ ለተራ የሰው ግድያ ከ5 እስከ 20 ዓመት ጽኑ እስራት፣ ለከባድ የሰው ግድያ ደግሞ የዕድሜ ልክ እስራት ወይም ሞት ይደነግጋል፤ የ1987ቱ ሕገ መንግሥት በአንቀጽ 34 ለባህልና ለሃይማኖት ዳኝነት የፈቀደው በባለጉዳዮች ስምምነት የግልና የቤተሰብ ጉዳይን ነው፤ የኦሮሚያ ክልልም በ2013 ዓ.ም. በአዋጅ ቁጥር 240 ለባህላዊ ፍርድ ቤቶች ዕውቅና ሰጥቷል። በተግባር ሁለቱ መንገዶች ጎን ለጎን ይሄዳሉ፤ ፍርድ ቤቱ ይቀጣል፣ ሽማግሌው ያስታርቃል። ማስታረቁ ከቀረ እስረኛው ፍርዱን ጨርሶ በወጣ ማግስት የሚጠብቀው ደመኛ ነው፤ የፍርድ ቤት መዝገብ ሲዘጋ የሟች ቤት በር አብሮ አይከፈትም።

ከነቀፋዎቹ ሁሉ የሚከብደው ግን ሌላ ነው። ጉማ የሚሠራው ገዳዩ ሲናዘዝና ሟቹ ወገን ሲኖረው ነው። ገዳዩ ዝም ካለ ሽማግሌ የሚይዘው ጫፍ የለውም፤ ሟቹ ጎሳ የሌለው መንገደኛ ከሆነ ካሣ የሚጠይቅለት የለም። የምርመራ ፊልም መርማሪ የሚያስፈልገው እዚህ ላይ ነው፤ ማንም ላልቆመለት ሟች የሚቆም ሰው ነውና፣ በዘውጉ ውስጥ እውነተኛው ሃይማኖታዊ ፍሬ ይህ ሳይሆን አይቀርም።

በሮቤና በጎባ ጎን ለጎን የሚነበቡት ሁለቱ ቅዱሳን መጻሕፍት ስለዚሁ ጉዳይ፣ ገዳዩ ስላልታወቀ ሟች፣ መናገራቸውና ሁለቱም ላም ማምጣታቸው ልብ ሊባል ይገባዋል። ኦሪት ዘዳግም በምዕራፍ 21 በሜዳ ወድቆ የተገኘ፣ ገዳዩም ያልታወቀ ሰው ቢኖር ሽማግሌዎችና ዳኞች ወጥተው ከአስከሬኑ እስከ ዙሪያው ከተሞች ያለውን ርቀት እንዲለኩ ያዛል፤ የቅርቢቱ ከተማ ሽማግሌዎች ቀንበር ያልጎተተች ጊደር ይዘው ወዳልታረሰ ወራጅ ውኃ ወዳለበት ሸለቆ ይወርዳሉ፣ በዚያ አንገቷን ይሰብራሉ፣ እጃቸውን በላይዋ ታጥበው ደሙን እንዳላፈሰሱና እንዳላዩ ይናገራሉ፣ ምሕረትም ይለምናሉ። በቁርኣን ስሟን ከዚችው ላም ባገኘችው በሱረቱል በቀራ ደግሞ ሰው ተገድሎ እርስ በርስ ሲካካዱ ላም እንዲያርዱ ይታዘዛሉ፤ ላሟም ለእርሻ ያልተገራች ናት፤ ከሥጋዋ በከፊሉ ሟቹ ሲመታ አላህ የደበቁትን ያወጣል። የሙስሊም ሕግ ሊቃውንት ቀሳማ የሚሉት የ50 መሐላ ሥርዓትም ከዚሁ ዓይነት ጭንቀት የመጣ ነው። በኸይበር አንድ ሙስሊም ተገድሎ በተገኘ ጊዜ ዘመዶቹ ስላላዩ አንምልም አሉ፣ የተጠረጠሩትንም መሐላ አልተቀበሉም፤ ነቢዩ ሙሐመድ ደሙ ከንቱ እንዳይቀር ብለው የ100 ግመል ካሣውን ራሳቸው እንደከፈሉ በሐዲስ ይነገራል።

የኦሪቱ ገመድ በባሌ ደጋ ቢዘረጋ ምን እንደሚያሳይ ማሰብ ይጠቅማል። ሮቤና ጎባ የሚራራቁት 14 ኪሎ ሜትር ገደማ ነው፤ በመካከላቸው የስንዴና የገብስ ማሳ አለ፣ ከጎባ ወዲያ ደግሞ መንገዱ ወደ ሳነቲ አምባ ወጥቶ ወደ ደሎ መና ይወርዳል። ከሩቅ አገር ለአጨዳ የመጣ፣ ስሙን እንኳ ማንም ያልያዘለት የቀን ሠራተኛ በማሳው ዳር ሞቶ ቢገኝ፣ የሮቤ ሽማግሌዎች ከአንድ ወገን የጎባ ሽማግሌዎች ከሌላው ወገን ገመድ እየዘረጉ ሲመጡ ይታሰብ። ገመዱ የሚለካው ጥፋተኛውን አይደለም፤ ለዚህ ሰው ሐዘን የሚቀመጠው ማን እንደሆነ ነው። ለሟቹ በሕይወቱ ያልነበረው ጎረቤት በሞቱ ይለካለታል፤ የቀረበችው ከተማም ወድዳም ጠልታም ወገኑ ትሆናለች። የትኛውም የምርመራ ፊልም እስከዚህ አልሄደም።

በፊልሙ ውስጥ ስላለው ሳቅ አንድ ነገር መባል አለበት፤ በሰው ሞት ላይ መሳቅ ይገባልን የሚለው ጥያቄ ተገቢ ነውና። ሳቅ በሐዘን ቤት እንግዳ አይደለም። በለቅሶ ድንኳን ውስጥ የመጀመሪያው እንባ ካለፈ በኋላ ጎረቤት ሐዘንተኛውን ሊያጫውት ይቀመጣል፤ ጨዋታ አዋቂ የሆነው ሰው የሟቹን የልጅነት ተንኮል ሲያነሣ ባልቴቷ በነጠላዋ ጫፍ ዓይኗን እየጠረገች ፈገግ ትላለች፤ ይህ ሳቅ ከለቅሶው ወገን ነው፤ ሟቹን ያውቀዋል፣ ስሙንም ይጠራል። ሽማግሌዎችም በደም ሸንጎ ላይ የጋለውን ነገር በተረት ሲያበርዱ የሚያስቁት በዚሁ መንፈስ ነው። በዊሊያም ፓወልና በማይርና ሎይ አፍ የሚወርደው የባልና ሚስት ቀልድም ውብ ነው፤ ፍቅር አለበት፣ ተንኮልም የለበትም። ግን ሟቹን አያውቀውም። ሳቁ የሚቀለው ለዋይናንት ያለቀሰ ሰው በፊልሙ ውስጥ ስለሌለ ነው።

የመጨረሻው ትዕይንት በባቡር ውስጥ ነው። ገዳዩ ተይዟል፣ ኒክና ኖራ ወደ ቤታቸው እየተመለሱ ነው፣ የሟቹ ልጅ ዶሮቲም አዲስ ካገባችው ባሏ ጋር በዚያው ባቡር ትሄዳለች፤ ሁሉም ደስ ብሎታል። ከጥቂት ጊዜ በፊት የአባቷ አፅም ከሥራ ቤት ወለል ሥር፣ የሌላ ሰው ልብስ ለብሶ፣ ተቆፍሮ ወጥቷል። በቁርኣን የአደም ልጅ ወንድሙን ገድሎ በድኑን ምን እንደሚያደርገው በጠፋው ጊዜ መሬቱን እየጫረ ያሳየው ዘንድ ቁራ ተልኮለት ነበር፤ የቃየል ወንጀል እንኳ ያለ ቀብር አላለፈም። የዋይናንት አጥንት ግን ከተመረመረ በኋላ የት እንዳረፈ ፊልሙ አያሳይም፣ በባቡሩ ውስጥ ካሉትም የሚጠይቅ የለም። ጎባ ውስጥ ይህ ወሬ የደረሰበት ቤት ሰዎች ከገዳዩ ስም በፊት የሚጠይቁት ቀብሩ የት እንደሆነና ለቅሶው በማን ቤት እንደተቀመጠ ነው።